«ፀሐይ እስክትጠልቅ» ስንት ሰዓት ነው?

ለአማርኛ የምናባዊ ልብ ወለድ ጸሐፊዎችና ጌም ሠሪዎች በሙሉ
ባላችሁበት

ጉዳዩ፦ አስማትንና ጊዜን ስለሚያስር ውል

ሰላም ለእናንተ ይሁን።

እኔ ውል ጸሐፊ ነኝ። የእውነቱን ውል ማለቴ ነው። የቤት ኪራይ፣ የመኪና ሽያጭ፣ የብድር ወረቀት እጽፋለሁ። ኮምፒውተርና ፕሪንተር ብቻ የምትይዝ ጠባብ ቤት አለችኝ፤ በሯ ላይ «ውል እንጽፋለን፣ ፎቶ ኮፒ አለ» የሚል ተለጥፏል። እንዲህ ያለ ሰው ስለ ድግምትና ስለ አስማተኛ መንግሥታት ምን አገባው ትሉ ይሆናል። ልክ ናችሁ፤ እኔም እስካለፈው ክረምት ድረስ አያገባኝም ነበር።

የእህቴ ልጅ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነው። እሱና አራት ጓደኞቹ ቁጭ ብለው አንድ ዓለም እየፈጠሩ ነው። ካርታ ሥለውለታል። ወንዝና ተራራ አውጥተውለታል። መጀመሪያ ለጌም ነበር፤ አሁን ልብ ወለድም ይወጣዋል ይላሉ። በዚያ ዓለም ሁለት መንግሥታት አሉ። የደጋዎቹ አስማተኞች ጊዜን ያቆማሉ። የቆላዎቹ ደግሞ የአንድን ነገር እውነተኛ ስም ካወቁ ጠርተው ያዙታል፤ ዝናብም ይሁን ሰው። ሁለቱ ተዋግተው ተዋግተው በመጨረሻ ውል ይፈራረማሉ። ልጁ የውሉን ረቂቅ በስልኬ ላከልኝና «ጋሼ፣ እስቲ እንደ ውል እያት» አለኝ። 14 አንቀጽ ናት።

የዚያን ቀን ዝናብ ነበር፤ ደንበኛ የለም። አትሜ ቀይ እስክሪብቶ አነሳሁ። ሦስተኛው አንቀጽ ላይ ስደርስ ወረቀቱ ቀልቶ ነበር።

ማታ መጥቶ ሲያየው ሳቀ። «ጋሼ፣ ፋንታሲ እኮ ነው» አለኝ።

ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ ያቺ ንግግር ናት። ከዚያ ወዲህ ጓደኞቹም የየራሳቸውን እያመጡ አሳዩኝ። አንዱ ጋ ዘንዶ አለ፣ አንዱ ጋ የለም፤ ውሉ ላይ ያለው ቀዳዳ ግን አንድ ነው። ስለዚህ ለሁላችሁም በአንድ ላይ ልጻፍ አልኩ።

ከሦስተኛው አንቀጽ ልጀምር። «ከአንድ ቀን በላይ የሚቆይ ድግምት ያለ ሁለቱ ነገሥታት ፈቃድ አይፈጸምም» ይላል። ጥሩ ነው። ግን ቀን ምንድን ነው? «ፀሐይ እስክትጠልቅ ያለው ነው» አለኝ ልጁ። ፀሐይ የት ስትጠልቅ? ደጋው ላይ ከተራራው ጫፍ ስትሰወር ነው ወይስ ቆላው ላይ ከሜዳው ጠርዝ? ተራራ ሥር ያለ ሰው ፀሐይ ቀድማ ትጠልቅበታለች። አንድ ብልጥ አስማተኛ ገደል ሥር ቁጭ ብሎ ቀኑን ሊያሳጥር፣ አምባ ላይ ወጥቶ ሊያስረዝም ይችላል። ደግሞ እነዚህ ሰዎች ጊዜ ያቆማሉ ብላችሁኛል። ጊዜውን ካቆመው ፀሐይ አትጠልቅም። ፀሐይ ካልጠለቀች ቀኑ አላለቀም። ቀኑ ካላለቀ ድግምቱ «ከአንድ ቀን በላይ» አልቆየም። ልጆቼ፣ ይህን ውል ለማፍረስ አስማት አያስፈልግም፤ እኔ ራሴ አፈርሰዋለሁ።

ይህ ለሌላ አገር ጸሐፊ ሩቅ ነገር ሊሆን ይችላል። ለእኛ ግን የዕለት እንጀራችን ነው። ሰዓታችን ከንጋት ይጀምራል። ጎረቤታችን ያለችው ልጅ ዱባይ ለሥራ ልትሄድ ቲኬቷ ላይ ማክሰኞ 02:00 የሚል ነበር። ሌሊት 8 ሰዓት ነው ብላ በትክክል ቀየረችው። የሳተችው ሌላውን ነው። ማክሰኞ ውላ፣ ማታ ቤተሰቡን ተሰናብታ፣ ሻንጣዋን ጎትታ ቦሌ ደረሰች። አውሮፕላኑ የሄደው ባለፈው ሌሊት ነው። ለፈረንጁ ማክሰኞ የገባው እኩለ ሌሊት ላይ ነው፤ ለእሷ ግን ያ ሌሊት ገና የሰኞ ሌሊት ነበር። የሚያሳዝነው ደግሞ አማርኛ ለዚህ መድኃኒት አለው። «ሰኞ ለማክሰኞ አጥቢያ» ብንላት ኖሮ አትሳሳትም ነበር። አጥቢያ የምትለዋ ቃል ሁለት ቀን መካከል ያለውን ስንጥቅ ድፍን አድርጋ ትዘጋለች። የጊዜ ውል የምትጽፉ ሰዎች ይህን ቃል ይዛችሁ «ፀሐይ እስክትጠልቅ» ትላላችሁ!

ጳጉሜ ደግሞ አለችላችሁ። ይቺ እኔንም ጉድ አድርጋኛለች። ከዓመታት በፊት አንድ የኪራይ ውል ጻፍኩ። «በየወሩ መጀመሪያ ይከፍላል» ብዬ ዘጋሁት። ነሐሴ 30 አለፈ። አከራዩ ተከራዩን ይዘው እኔ ጋ መጡ። «የጳጉሜን ይክፈለኝ» ይላሉ። ተከራዩ «ደመወዜ በዓመት 12 ጊዜ ነው የሚገባው፣ ከየት አምጥቼ?» ይላል። አከራዩም «የ13 ወር ፀጋ ስትሉ አልነበር? በሉ አስራ ሦስተኛውን ክፈሉ» አሉ። ጥፋቱ የእኔ ነበር። ውሉ ስለ ጳጉሜ አንድም ቃል አይልም። ሻይ አስመጥቼ እንደምንም አስታረቅኋቸው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን የጳጉሜን ቀናት የሚመለከት አንዲት መስመር ሳልጨምር የጻፍኩት የኪራይ ውል የለም። አምስት ቀን ለአንድ ጠባብ ክፍል ኪራይ ይህን ያህል ካጣላ፣ ጊዜ ማቆም በሚችሉ ሁለት መንግሥታት መካከልማ አስቡት።

አሁን «እና ሰዓት በምን እንለካ?» ትሉኛላችሁ። ለምን ሁልጊዜ የፈረንጅ ደቂቃ ትበደራላችሁ? የባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም የዘመን ቆጠራችን፣ ሊቃውንት ዕለትን በ60 ኬክሮስ ነው የሚከፍሉት። አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ይሆናል። ከኬክሮስ በታች ካልዒት፣ ሣልሲት፣ ራብዒት እያለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። በየደረጃው በ60 ይከፈላል። አንድ አስማተኛ «ሦስት ኬክሮስ ጊዜ አቆምኩ» ሲል ስሙት። «አንድ ሰዓት ከ12 ደቂቃ አቆምኩ» ከሚለው ጋር አስተያዩት። የመጀመሪያው ዓለም ይሸታል፤ ሁለተኛው የታክሲ ወረፋ።

ዘጠነኛው አንቀጽ፦ «ይህ ውል ለ300 ዓመት ይጸናል።» የማን ዓመት? በዋሻ ውስጥ ለዘመናት የተኙትን ሰዎች ታሪክ ሙስሊም አንባቢዎቼ ያውቁታል። ቁርኣኑ በዋሻው 300 ዓመት መቆየታቸውን ተናግሮ ዘጠኝ ይጨምርበታል። ብዙ ተንታኞች ይህን ሲያብራሩ 300 የፀሐይ ዓመት በጨረቃ ሲቆጠር ወደ 309 ስለሚመጣ ነው ይላሉ። የደጋው መንግሥት በፀሐይ፣ የቆላው በጨረቃ የሚቆጥር ከሆነ አንደኛው ውሉ አልቋል ብሎ ጦር ሲያዘምት ሌላኛው ገና ዘጠኝ ዓመት አለኝ ብሎ ተኝቷል። ይሄ እንደ ስህተት ያስፈራል፤ እንደ ታሪክ መነሻ ግን ወርቅ ነው። ጸሐፊው አውቆ ካደረገው ማለቴ ነው።

የአቤሜሌክን ታሪክም አስታውሱ። ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ላከው። በመንገድ ዛፍ ጥላ ሥር አረፍ አለ። ሲነቃ 66 ዓመት አልፏል። ከተማዋ ፈርሳለች፣ የሚያውቀው ሰው የለም፤ የቅርጫቱ በለስ ግን ዛሬ እንደተቀጠፈ ነው። ይህን ስሰማ ያደግሁት እንደ ተአምር ነበር። ውል ጸሐፊ ከሆንኩ በኋላ ግን ሌላ ጥያቄ ያስቸግረኛል። አቤሜሌክ ከመተኛቱ በፊት ብድር ቢኖርበትስ? ወለዱ የ66 ዓመት ነው ወይስ የአንድ ከሰዓት በኋላ? የእኛ ፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1845 ከውል የሚመነጭ ጥያቄ በአጠቃላይ በ10 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል ይላል። ይርጋ የተባለች ቃል እንዴት እንደምታምረኝ! ይርጋ፣ ይቀመጥ፣ ነገሩ ይተኛ ማለት ነው። ጊዜ የሚያቆም አስማተኛ ባለበት ዓለም ትልቁ ወንጀል ይርጋን ማጭበርበር ይመስለኛል። ባለዕዳው ጠያቂውን ዛፍ ሥር አስተኝቶ 10 ዓመት ይጠብቃል። በቃ። ደም አልፈሰሰ፣ መብረቅ አልወረደ። ይህን ማንም ጽፎት አላየሁም፤ ከናንተ አንዳችሁ ጻፉትና ላንብበው።

የረቂቁ አስራ ሁለተኛ አንቀጽ ላይ ስደርስ ግን ቀይ እስክሪብቶውን አስቀምጬ ሳቅሁ። «ይህ ውል በሁለቱም መንግሥታት ቋንቋ ተጽፏል፤ ሁለቱም ጽሑፎች በሁሉም ነገር ይስማማሉ፣ እኩልም ይጸናሉ።» ከየት አመጣኸው ብዬ ስጠይቀው «ከጭንቅላቴ» አለ። ልጄ፣ ይህ አንቀጽ ከአንተ በፊት ተጽፏል።

ውጫሌ ላይ ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. የተፈረመውን ውል ሁላችንም ተምረናል። 17ኛው አንቀጽ አማርኛው ላይ ንጉሠ ነገሥቱ ከአውሮፓ ነገሥታት ጋር ለመላላክ በኢጣልያ መንግሥት መጠቀም «ይቻላቸዋል» ሲል፣ ጣልያንኛው የግድ አድርጎት ተገኘ። ምኒልክ የጻፉላቸው የአውሮፓ መንግሥታት በኢጣልያ በኩል ይላኩልን የሚል መልስ ሲሰጧቸው ነው ነገሩ የፈነዳው። ይህን ያህሉን ሁሉም ሰው ይናገራል። ሰው የማይናገርላት 19ኛዋ አንቀጽ ናት። ውሉ በአማርኛና በጣልያንኛ መጻፉን ትገልጽና፣ ሁለቱ ፍጹም ስለሚስማሙ ሁለቱም እኩል ይታመናሉ ትላለች። እሳቱ ያለው 17 ላይ ነው፤ በሩን ከውጭ የቆለፈችው ግን 19 ናት። «ሁለቱ አንድ ናቸው» ተብሎ ከተፈረመ በኋላ አንድ ካልሆኑ ዳኛው ማነው? በሰባት ዓመት ውስጥ መልሱ ዓድዋ ላይ ተሰጠ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም.። በጥቅምት 1889 አዲስ አበባ ላይ የተፈረመው ውል ደግሞ የውጫሌን ሻረው።

እና እኛ የዚህ ታሪክ ልጆች ሆነን ሳለ የምንጽፈው ምናባዊ ውል ላይ ግጭቱ ሁልጊዜ የሚመጣው በተሰረቀ ዘውድና በጥቁር ካባ ለባሽ ነው። አንዲት ግሥ ናት ያን ሁሉ ያመጣችው። አንዲት ግሥ! ይህ ሆድ አያስብስም እንዴ? እኔን ሆድ ያስብሰኛል።

ሰባተኛዋን አንቀጽ ልጁ በጣም ይወዳታል፤ እኔም ሐሳቡን ወድጄለታለሁ። «ከዚህ ውል በፊት ጊዜን አቁመው የሚያውቁ ብቻ ይህን ሥልጣን ይዘው ይቀጥላሉ።» ይህ ከእውነተኛው ዓለም የራቀ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1968 ለፊርማ የቀረበው የኑክሌር መሣሪያ እንዳይስፋፋ የሚከለክለው ስምምነት ባለ ኑክሌር አገር የሚለው ከጃንዋሪ 1 ቀን 1967 በፊት ሠርቶ ያፈነዳውን ነው። ከዚያች ቀን በፊት የደረሱት አምስት ገቡ፤ በሩ ተዘጋ። ለተራ ሰዎች ዓለም ይህ ይሠራል፤ ማንም ወደ 1966 ተመልሶ ቦምብ ማፈንዳት አይችልም። በናንተ ዓለም ግን ወደ ኋላ የሚመለስ አስማት አለ፤ አንቀጽ አንድ ላይ ከልክላችሁታል። የምትከለክሉት ስላለ ነው። ታዲያ ቆላው ውስጥ ያለ አንድ ጎረምሳ ከፊርማው ቀን በፊት ተመልሶ አንዲት ቅጽበት ብቻ ጊዜ ቢያቆም፣ በውሉ መሠረት ሕጋዊ ባለሥልጣን ሆኖ ነው የሚመጣው። «ሕግ ጥሷል» እንዳትሉ፤ በዚያን ጊዜ ውሉ አልነበረም። እ.ኤ.አ. የ1969 የቪየና የስምምነቶች ሕግ እንኳ በ28ኛው አንቀጹ፣ ተዋዋዮቹ ሌላ ሐሳብ ከሌላቸው በቀር ስምምነት ከመጽናቱ በፊት በተፈጸመ ነገር ላይ አያስርም ይላል። ሕጉን የጻፉት ሰዎች ወደ ኋላ የሚሄድ ሰው ይመጣል ብለው አላሰቡም። እናንተ ግን ማሰብ አለባችሁ፤ ሥራችሁ ነው።

በነገራችን ላይ፣ ጊዜን በስብሰባ መነካካት ለፋንታሲ ብቻ የተሰጠ እንዳይመስላችሁ። እ.ኤ.አ. ከ1972 ጀምሮ የዓለም ሰዓት ላይ 27 ጊዜ አንዳንድ ሰከንድ ተጨምሯል፤ የምድር መዞር ከአቶም ሰዓት ጋር እንዲገጥም። በ2022 ደግሞ የሚመለከታቸው አገሮች ተሰብስበው ይህን አሠራር እስከ 2035 እንቀይር ብለው ወሰኑ። ሳሞአ የምትባለው ደሴት አገር በ2011 የቀን መስመሩን ልትሻገር ስትል ዲሴምበር 30ን ዘለለችው። ሐሙስ ተኙ፣ ቅዳሜ ተነሡ። አርብ በሕግ ጠፋች። በዋሽንግተን እ.ኤ.አ. በ1884 ሃያ አምስት አገሮች ተሰብስበው የዓለም ዜሮ መስመር ግሪንዊች ላይ ይሁን ሲሉ ፈረንሳይ ድምፅ አልሰጠችም። በ1911 ስትሸነፍ እንኳ ሕጓ ላይ ግሪንዊች የምትል ቃል አላስገባችም። የፈረንሳይ ሰዓት የፓሪስ ሰዓት ነው፣ 9 ደቂቃ ከ21 ሰከንድ ወደ ኋላ የተደረገ፣ ብላ ጻፈች። ያው ግሪንዊች ማለት ነው። ይህን ባነበብኩ ቁጥር ሽማግሌ ፊት ይቅርታ ጠይቅ ሲባል «ጥፋተኛ ባልሆንም ካላችሁ ይቅርታ» የሚል ሰው ይመጣብኛል። የተሸነፈ ንጉሥ ክብሩን የሚያድንባት አንዲት ሐረግ ስጡት። ውል ያለ እሷ አይፈረምም።

አሁን ወደ አስማቱ ልምጣ።

ረቂቁ አስማት ምን እንደሆነ አይናገርም። ይህ ብቻውን ስህተት ነው አልልም። እ.ኤ.አ. የ1967ቱ የጠፈር ስምምነትም ጠፈር ከየት እንደሚጀምር ሳይናገር ነው የተፈረመው። አንዳንዴ ቃሉን ክፍት መተው ያፈራርማል። ግን ክፍት የምትተዉት አውቃችሁ ይሁን። የእናንተ ረቂቅ ላይ ቆላዎቹ በስም መጥራት ይገዛሉ፤ ደጋዎቹ ጊዜ ያቆማሉ፤ ውሉ «አስማት» የሚላት ግን የትኛዋ ናት? ልጁን ጠየቅኩት፣ «ሁለቱም» አለ። እኔ ደግሞ «ቃሉ ራሱ ማን እንደሆነ ታውቃለህ?» አልኩት።

አስማት በግዕዝ የስም ብዙ ቁጥር ነው። ስም፣ አስማት። ስሞች ማለት ነው፤ ሌላ ምንም አይደለም። የክታብ ጸሎት ላይ የሚደረደሩት ኅቡእ ስሞች ናቸው ለነገሩ ሁሉ ስማቸውን የሰጡት። የጋኔኑን ስም የያዘ ጋኔኑን ያስራል። ስለዚህ በአማርኛ «አስማት ተከልክሏል» ብሎ የሚጽፍ ውል፣ ቃል በቃል ሲነበብ፣ ስም መጥራትን ነው የከለከለው። ቆላዎቹን አስሮ ደጋዎቹን ለቋል ማለት ነው። የደጋው ጠበቃ «እኛ የማንንም ስም አልጠራንም፤ ጊዜ ነው ያቆምነው» ብሎ ነጻ ይወጣል። አያችሁ? ሌላ ቋንቋ ላይ የማይገኝ ሤራ ቋንቋችሁ በነጻ ሰጣችሁ። ልጁ ይህን ስነግረው ዝም አለ። ከዚያ ስልኩን አውጥቶ ለጓደኞቹ የድምፅ መልእክት መላክ ጀመረ። እኔን ረሳኝ።

ክታብ ካነሳሁ አንድ ነገር ልጨምር። አያቴ ትራሷ ሥር ያስቀመጠችው የብራና ጥቅል ነበራት። ቆዳው ተሰፍቶ የተዘጋ፣ ጠርዙ በላብ የጠቆረ። ልጅ ሆኜ እጄን ስዘረጋ «ተው፣ የሰው ቁመት ነው» ትለኝ ነበር። ያኔ አልገባኝም። ኋላ ነው የሰማሁት፤ ብራናው ሲዘጋጅ ብዙ ጊዜ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይደረጋል። ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቅ። እስቲ ይህን ወደ ውል አምጡት። ሁለት መንግሥታት ሲዋዋሉ ብራናው የማን ቁመት ይሁን? የንጉሡ? ንጉሡ ሲሞት የሚተካው ሕፃን ቢሆንስ፣ ውሉ የቀረው ክንድ ተኩል ማንን ይጠብቃል? እኔ ልቦለድ ጸሐፊ አይደለሁም፤ ጥያቄ ብቻ ነው የማውቀው።

ውል የጣሰ ምን ይሆናል? ረቂቁ «በሞት ይቀጣል» ይላል፣ አለቀ። ማን ይገድለዋል? ጊዜ የሚያቆምን ሰው ማን ይይዘዋል? አባቶቻችን ፖሊስ በሌለበት ዘመን የርስት ጽሑፍ ሲጽፉ ይህ ጥያቄ ነበረባቸው። ወንጌሉ ዳር ባለው ክፍት ቦታ ላይ መሬቱን፣ ሰጪውን፣ ተቀባዩን ይጽፉና የእማኞችን ስም ይደረድራሉ። መጨረሻ ላይ ግዝት ያሳርፉበታል። ይህን የጣሰ በሥልጣነ ጴጥሮስ ወጳውሎስ የተወገዘ ይሁን። ጠባቂው ጽሑፉ ራሱ ነው። ውሉን የሚያስከብር ጦር ከመፍጠራችሁ በፊት ውሉን የሚያስከብር ቃል ፍጠሩ። እማኞቹን ደግሞ አትርሱ። የእኛ ሕግ በጽሑፍ መሆን አለበት ለሚለው ውል ሁለት ምስክር ይፈልጋል። ጊዜ ወደ ኋላ በሚመለስበት አገር ምስክርነት ምን ዋጋ አለው? ያየው ነገር ከተመለሰ አላየውም። ስለዚህ ከናንተ ዓለም ሰዎች ውስጥ አንዱ፣ ጊዜ ሲመለስ የማይረሳ መሆን አለበት። ውሉ ያለ እሱ ወረቀት ነው። እሱም ይህን ያውቃል። ምን ያህል ብቸኛ ሰው እንደሚሆን አስቡት፤ ዋና ገጸ ባሕሪ ፍለጋ ለምን ዘውድ ቤት ትሄዳላችሁ?

ለማንም የማይዋጥ ጥያቄ ካጋጠማችሁ ደግሞ አስቀምጡት። እ.ኤ.አ. በ1959 አሥራ ሁለት አገሮች የአንታርክቲካን ስምምነት ሲፈርሙ ሰባቱ «መሬቱ የእኔ ነው» ባዮች ነበሩ። ስምምነቱ ማናቸውንም አሸናፊ አላደረገም፣ ማናቸውንም አልረታም። ስምምነቱ እስካለ የሚሠራ ሥራ ለይገባኛል ጥያቄ ማስረጃ አይሆንም ብሎ ባለበት አቆመው። ጊዜ ማቆም ይሏችኋል ይሄ ነው፤ ያለ አንዲት ድግምት።

የምጠይቃችሁ ብዙ አይደለም። «ፋንታሲ ነው» ብላችሁ አትሸውዱን። እኛ አንባቢዎች ዘንዶው እሳት ሲተፋ እናምናችኋለን። ውሉ ላይ ያለችውን ቀን ስትሳሳቱ ግን ሁላችንም የቤት ኪራይ ከፍለን የምናውቅ ሰዎች ነን።

የእህቴ ልጅ ባለፈው ሳምንት አዲሱን ረቂቅ ይዞ መጣ። ሦስተኛው አንቀጽ አሁን እንዲህ ይላል፦ «ቀን ማለት ከንጋት እስከ ንጋት ነው። ንጋትም በሐይቁ መካከል ካለችው ደሴት ሲታይ ነው። ጊዜ የቆመበት ኬክሮስ ከቀኑ አይቀነስም።» ይገርማል፣ ያቺ የመጨረሻ መስመር። ማን እንደሚቆጥረው ጠየቅኩት። «የማይረሳው ሰውዬ» አለኝ። አስማት የምትለዋን ቃል ሰርዘው «ስም መጥራትና ጊዜ ማሰር» ብለዋል። ሁለቱ ቋንቋዎች ቢለያዩ የሚዳኘው የብራናው እንጂ የነገሥታቱ ቃል አይደለም ይላል። እስከዚህ ቀይ አላነሳሁም።

መጨረሻ ላይ ግን አንድ አንቀጽ ጨምረው ነበር። 15ኛ። «ጳጉሜን ይህ ውል አይገዛትም።»

«ይሄን እንኳ ረስታችሁ ነው» ብዬ እስክሪብቶውን አነሳሁ።

«አይ ጋሼ፣ አልረሳንም» አለ። «መጽሐፉ የሚጀምረው እዚያ ነው።»

አምስት ቀን፣ ማንም የማይታዘዝባቸው። ዝም ብዬ ቆየሁና ዘመነ ሉቃስ ላይ ስድስት ቀን እንደምትሆን ጽፈሃል ወይ አልኩት። አልጻፈም። እስክሪብቶውን ከእጄ ወሰደና ራሱ ጻፈው።

ከአክብሮት ጋር
ውል ጸሐፊው